በኦቨን የሚሠራ የአትክልት ቺፕስ፦ ከድንች እስከ ሐበሻ ጎመን

አንድ ኪሎ ድንች ውስጥ 800 ግራም ያህሉ ውኃ ነው። ካሮትና ቀይ ሥር ላይ ደግሞ ከዚያም ይበልጣል፤ ከኪሎው 880 ግራም ገደማ ውኃ ነው። ቺፕስ ሲቆረጠም ኩርሽም የሚለው ይህ ውኃ ተሟጥጦ ከመቶ 3 እጅ ያህል ብቻ ሲቀር ነው። ዘይት ውስጥ ሲጠበስ ውኃው በጥቂት ደቂቃ ይወጣል፤ የጋለው ዘይት ቁራጩን ከላይም ከታችም አቅፎ ይይዘዋልና። ኦቨን ውስጥ ያለው ግን አየር ነው፤ አየር ደግሞ ሙቀትን እንደ ዘይት ፈጥኖ አያቀብልም። ስለዚህ በኦቨን ቺፕስ የሚሠራ ሰው ሐሳቡ ሁሉ አንድ ነገር ላይ ነው፦ አትክልቱ ከማረሩ በፊት ውኃው እንዲወጣ። የቁርጡ ውፍረት፣ መዘፍዘፉ፣ በጨርቅ መድረቁ፣ የእሳቱ መጠን፣ ሁሉም ለዚህ ነው።

አንድ ነገር አስቀድሞ ይታወቅ። ከ500 ግራም የተላጠ ድንች የሚገኘው 110 ግራም ያህል ቺፕስ ነው። ከ500 ግራም ካሮት ደግሞ 70 ግራም ቢገኝ ነው። አንድ ጎድጓዳ ሳህን ሙሉ ገብቶ ሁለት እፍኝ ሆኖ ሲወጣ የተበላሸ ነገር የለም። ለቡና ቁርስ ለአራት ሰው የሚቀርብ ከሆነ አንድ ኪሎ ድንችና ግማሽ ኪሎ ስኳር ድንች ይዞ መነሣት ይሻላል።

ገበያ ላይ

ሐዋሳ ላይ አትክልቱ አይቸግርም። ሻሸመኔ የድንች አገር ናት፣ ቅርብ ናት፤ ስኳር ድንቹና ጎደሬው ከሲዳማና ከወላይታ ገጠር ይገባል፤ ጎመኑ በየጓሮው አለ። የሚያስቸግረው ምርጫው ነው።

ለቺፕስ የሚሆነው ድንች ለወጥ የሚመረጠው አይደለም። ለወጥ የሚፈለገው ቅርጹን የሚይዘው ነው። ለቺፕስ ግን ሲቀቀል የሚፈረካከሰው፣ ዱቄት ዱቄት የሚለው ይሻላል፤ ውኃው ያነሰ፣ ስታርቹ የበዛ ነውና። ሻጯን «ሲቀቀል ይፈርሳል?» ብሎ መጠየቅ ነው፤ ብዙ ጊዜ ታውቀዋለች። ቤት ከገባ በኋላ ለመለየት በ11 ስኒ ውኃ 1 ስኒ ጨው አሟሙታችሁ ድንቹን ጨምሩበት። የሰጠመው ዱቄታሙ ነው፣ ለቺፕስ ይሁን። የተንሳፈፈው ለአልጫ ይቅር።

ድንች ፍሪጅ ውስጥ አይቀመጥም። ከ8 ዲግሪ በታች ሲቆይ ስታርቹ ወደ ስኳር ይለወጣል፤ ስኳሩ ኦቨን ውስጥ ቶሎ ስለሚጠቁር መሐሉ ሳይደርቅ ጠርዙ ይከስላል፣ ይመራልም። ሰው ኦቨኑን የሚወቅስበት ቺፕስ ብዙ ጊዜ ከፍሪጅ የወጣ ድንች ነው። አረንጓዴ የሆነ ድንች ደግሞ ሶላኒን የሚባል መርዝ አለበት፤ ሙቀት አያጠፋውም። ትንሽ ቦታ ላይ ከሆነ በወፍራሙ ገሽልጦ መጣል፣ ሰፋ ካለ ድንቹን እንዳለ መጣል ነው።

ስኳር ድንች ውስጡ ነጭ የሆነውና ብርቱካናማው ይገኛል። ብርቱካናማዎቹ ኩልፎና ቱላ የተባሉት ዝርያዎች ሐዋሳ ካለው የግብርና ምርምር ማዕከል የወጡ ናቸው፤ ሰውነት ወደ ቫይታሚን ኤ የሚለውጠው ቤታ ካሮቲን ስላላቸው ለልጆች ይመረጣሉ። ለቺፕስ ከሆነ ግን ነጩ ይቀልላል፤ ደረቅ ስለሆነ ቶሎ ይቆረጠማል። ብርቱካናማው ውኃ ይበዛበታል፣ ረጋ ያለ እሳትና ረዘም ያለ ጊዜ ይፈልጋል። ውጤቱ ሲያምር ግን የሚወዳደረው የለም።

ካሮት ወፍራሙን ምረጡ፤ ቀጭኑ ደርቆ ሲወጣ አዝራር ያህል ይሆናል። ቀይ ሥር ከእንቁላል ትንሽ የሚበልጠው ጥሩ ነው፤ በጣም ያደገው መሐሉ እንጨት እንጨት ይላል። ቲማቲምና ዝኩኒ ለጀማሪ አይሆኑም፤ ውኃቸው ብዙ ነው፣ ኦቨን ውስጥ ሰዓታት ይፈጃሉ። ካሳቫን በዚህ መንገድ አትሞክሩት፤ ጥሬው ውስጥ ሳያናይድ የሚያመነጩ ንጥረ ነገሮች አሉ፣ በስሱ ቆርጦ መጋገር ብቻውን አያጠራውም።

ከመጀመራችሁ በፊት ስለ መቁረጫውና ስለ ኦቨኑ

የሚፈለገው ውፍረት ከ1.5 እስከ 2 ሚሊ ሜትር ነው። ሁለት የኤቲኤም ካርድ አንዱን ባንዱ ላይ ብታደርጉ 1.5 ሚሊ ሜትር ያህል ይሆናል፤ ዓይናችሁ በዚያ ይለማመድ። ከስሱነቱ ይልቅ እኩልነቱ ይበልጣል። አንድ ጎኑ 1፣ ሌላ ጎኑ 3 ሚሊ ሜትር የሆነ ቁራጭ ስሱ ጎን ሲያር ወፍራሙ እንደ ቅቅል ይለሰልሳል። በቢላዋ እኩል መቁረጥ ይቻላል፣ ግን ልምድ ይፈልጋል። ሰሌዳ ላይ ምላጭ የተገጠመለት መቁረጫ ወይም ባለ አራት ጎኑ መፈቅፈቂያ ላይ ያለው ሰፊ አፍ ሥራውን ያቀለዋል። ቁራጩ ሁለት ሴንቲ ሜትር ሲቀረው አቁሙ፤ ጣት የሚቆረጠው እዚያ ላይ ነው። የተረፈው ጫፍ ለሾርባ ይሆናል።

ጠረጴዛ ላይ የሚቀመጡት ትንንሽ የኤሌክትሪክ ኦቨኖች መቆጣጠሪያቸው የሚያሳየውና ውስጣቸው ያለው ሙቀት ብዙ ጊዜ አይገጥምም። ቴርሞሜትር ከሌላችሁ በስኳር መሞከር ይቻላል። ነጭ ስኳር የሚቀልጠው በ186 ዲግሪ ገደማ ነው። ግማሽ የሻይ ማንኪያ ስኳር በፎይል ላይ አድርጋችሁ በ175 ለ15 ደቂቃ አስገቡ፤ ከቀለጠ ኦቨናችሁ ከሚለው በላይ ይግላል። ሌላ ስኳር በ190 ሞክሩ፤ ካልቀለጠ ከሚለው በታች ነው። አንድ ጊዜ ከተደረገ ለሁልጊዜ ይጠቅማል፤ ስንት ዲግሪ መቀነስ ወይም መጨመር እንዳለባችሁ ታውቃላችሁ። ማራገቢያ ያለው ኦቨን ከሆነ ከዚህ በታች ከተጻፈው ሙቀት ከ15 እስከ 20 ዲግሪ ቀንሱ።

ትሪው ላይ የመጋገሪያ ወረቀት ይነጠፋል። ሌላ ወረቀት በቦታው አይገባም፤ ተራ ወረቀት ይቃጠላል፣ ሰም የተቀባው ይቀልጣል። ፎይል ካለ በዘይት በስሱ ተቀብቶ ይሠራል፤ ካልተቀባ ቺፕሱን ይዞ ይቀራል። ዘይት የሱፍ ይሁን። ኑግም ይሆናል፣ ጣዕሙ ግን ጎልቶ ይወጣል። የሚረጋውን የፓልም ዘይት ለዚህ አትጠቀሙ፤ ቺፕሱ ሲቀዘቅዝ ላዩ ላይ ስለሚረጋ አፍ ውስጥ ሰም ሰም ይላል።

ድንቹ

ለ500 ግራም የተላጠ ድንች 1 የሾርባ ማንኪያ ዘይት፣ 2 የሾርባ ማንኪያ አቼቶና ሩብ የሻይ ማንኪያ የላመ ጨው ይበቃል።

የተቆረጠውን ድንች ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ነክራችሁ በእጅ አማስሉት። ውኃው እንደ ወተት ይነጣል፤ ከተቆረጠው ገጽ የታጠበ ስታርች ነው። ደፍታችሁ ሌላ ውኃ፣ ከዚያም ሌላ፣ ጥርት እስኪል። በመጨረሻው ውኃ ውስጥ ግማሽ ሰዓት ይቆይ። ይህ ካልተደረገ ቁራጮቹ እርስ በርስ ይጣበቃሉ፤ ላያቸው ላይ የቀረው ስታርችና ስኳርም ቶሎ ይጠቁራል።

ከዚያ 2 ሊትር ውኃ አፍልታችሁ አቼቶውን ጨምሩ። ድንቹን ለሁለት ደቂቃ ተኩል ብቻ አስገብታችሁ በወንፊት አውጡት። ሐዋሳ ከባሕር ወለል 1,700 ሜትር ያህል ከፍ ስላለች ውኃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ94 ዲግሪ ገደማ ነው፤ የውጭ አገር አዘገጃጀት ሁለት ደቂቃ ካለ እዚህ ግማሽ ደቂቃ መጨመር ያስፈልጋል። አቼቶው የአትክልቱን ሕዋሳት አያይዞ የሚያቆመውን ፔክቲን ቶሎ እንዳይሟሟ ስለሚያደርግ ቁራጩ አይፈርስም። ጣዕሙ ከተጋገረ በኋላ አይታወቅም።

ትኩሱን ድንች ንጹሕ የጥጥ ጨርቅ ላይ ሳይደራረብ ዘርጉት። ትኩስ ስለሆነ ራሱ ይተናል፤ ከላይ በሌላ ጨርቅ ጫን ጫን አድርጉና ለ15 ደቂቃ ተዉት። በዚህች ሩብ ሰዓት ላይ መቸኮል የለም። ጨርቅ ላይ የሚቀረው ውኃ ኦቨን ውስጥ እንፋሎት አይሆንም፤ እንፋሎት የሞላው ኦቨን ደግሞ ይቀቅላል እንጂ አያደርቅም።

አሁን ኦቨኑን በ180 ዲግሪ አሙቁ። ለአንድ ዙር የሚበቃውን ድንች ብቻ ሳህን ላይ አድርጋችሁ በዘይት በእጅ እሹት፤ እያንዳንዱ ቁራጭ ወዝ ይኑረው፣ ዘይት ግን አይንጠባጠብ። 30 በ40 ሴንቲ ሜትር የሆነ ትሪ የሚችለው 150 ግራም ያህል ጥሬ ቁራጭ ነው። ስለዚህ 500 ግራሙ ከሦስት እስከ አራት ዙር ይፈጃል። ሁሉን ባንዴ ለማስገባት መደራረብ ቺፕስን ከሚያበላሹ ነገሮች አንደኛው ነው፤ የላይኛው የታችኛውን እንፋሎት እየጠጣ ይለሰልሳል።

ትሪው መሐል መደርደሪያ ላይ ይግባ። በ8ኛው ደቂቃ በሩን ክፈቱ፣ እንፋሎቱ ፊት ላይ ይመጣልና ራቅ በሉ፤ ቁራጮቹን ገልብጡ፣ ትሪውንም የኋላውን ወደ ፊት አዙሩት። ከዚያ ከ6 እስከ 12 ደቂቃ ይቀራል። ሁሉም ባንዴ አይደርስም። ወርቃማ የሆነውን እየለቀማችሁ አውጡ፣ የቀረውን መልሱ። ይህን የመልቀም ሥራ የሚሰለች ሰው ግማሹን ያረረ፣ ግማሹን የለሰለሰ ያወጣል። ማብቂያው ላይ ኦቨኑን አጥፍታችሁ በሩን ጣት በሚያስገባ ክፍተት ገርበብ አድርጋችሁ 5 ደቂቃ ተዉት።

የመድረሱን ምልክት በትኩሱ አትፈልጉት። አንድ ቁራጭ አውጥታችሁ ሳህን ላይ ለሁለት ደቂቃ አቀዝቅዙ፣ ከዚያ ስበሩ። ቀጭ ብሎ ከተሰበረ ደርሷል። ከታጠፈ ውስጡ ውኃ ቀርቷል።

ቀለሙ ወርቃማ ላይ ይቁም። እ.ኤ.አ. በ2002 የስዊድን ተመራማሪዎች እንደ ድንች ያሉ ስታርች የበዛባቸው ምግቦች ከ120 ዲግሪ በላይ ሲጠበሱና ሲጋገሩ አክሪላማይድ የሚባል ለጤና የሚያሰጋ ንጥረ ነገር እንደሚፈጠር ይፋ አድርገዋል፤ ቡናማው በጠቆረ ቁጥር መጠኑ ይጨምራል። መዘፍዘፉና በፈላ ውኃ ማለፉ የሚፈጠረውን ይቀንሳል። ፍሪጅ ውስጥ የቆየ ድንች ደግሞ ስኳሩ ስለበዛ ይጨምረዋል።

ስኳር ያለባቸው ሥሮች

ስኳር ድንች፣ ካሮትና ቀይ ሥር እንደ ድንች በ180 ከገቡ ውኃቸው ሳያልቅ ስኳራቸው ያራል። እነዚህን በ130 ዲግሪ በትዕግሥት ማድረቅ ነው። ሙቀቱን ከፍ አድርጎ ጊዜ መቆጠብ አይሠራም።

ስኳር ድንች በ2 ሚሊ ሜትር ተቆርጦ ግማሽ ሰዓት ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ይቆያል፤ በፈላ ውኃ ማለፍ አያስፈልገውም። በጨርቅ ደርቆ፣ ለ500 ግራም 1 የሾርባ ማንኪያ ዘይት ታሽቶ፣ ከ60 እስከ 80 ደቂቃ ይጋገራል፤ በግማሹ ላይ ይገለበጣል። ትኩስ ሳለ ይታጠፋል፤ ይህ አያስደንግጥ፣ ሲቀዘቅዝ ይጠነክራል። ነጩ ቀድሞ ይደርሳል፤ ብርቱካናማው ከ10 እስከ 15 ደቂቃ ይጨምራል።

ካሮት በሰያፍ ይቆረጥ፣ ሞላላ ቁራጭ ይሆናል፤ ሲደርቅ ከግማሽ በላይ ስለሚጠብ በክብ የተቆረጠው ትርጉም የለውም። 2 የሻይ ማንኪያ ዘይት ለ500 ግራም ይበቃዋል። ከ40 እስከ 55 ደቂቃ ይፈጃል። ጠርዙ ይጠቀለላል፤ ጠፍጣፋ እንዲሆን ከተፈለገ የኦቨኑን የሽቦ መደርደሪያ ላዩ ላይ መጫን ነው።

ቀይ ሥር ላይ ጨው ቀድሞ ይሠራል። በ1.5 ሚሊ ሜትር የተቆረጠውን 500 ግራም በግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው አሽታችሁ 20 ደቂቃ ወንፊት ላይ ተዉት። ብዙ ቀይ ውኃ ያወጣል። በቀዝቃዛ ውኃ ለቅለቅ አድርጋችሁ በአሮጌ ጨርቅ ጨምቁት፤ ቀለሙ ከጨርቅ አይለቅም። ከዚያ በ2 የሻይ ማንኪያ ዘይት አሽታችሁ ከ50 እስከ 70 ደቂቃ። ቀይ ሥር ማረሩ በዓይን አይያዝም፣ ቀድሞውንም ጥቁር ነውና። ጠርዙ ከቀይ ወደ ቡናማ መሄድ ሲጀምር ወይም ሽታው ከጣፋጭነት ወደ ከሰል ሲዞር ወዲያው አውጡ። ከካሮት ጋር አንድ ትሪ ላይ አይደባለቅ፤ ያቀላዋል።

በዚህ ዝቅተኛ ሙቀት ሁለት ትሪ ባንዴ ማስገባት ይቻላል፤ በየ15 ደቂቃው የላይኛውን ወደ ታች እየቀያየራችሁ፣ ጊዜውንም ሲሶ ያህል ጨምሩ። በሩ በየጊዜው ለአምስት ሴኮንድ ይከፈት፣ እንፋሎቱ ይውጣ።

ሐበሻ ጎመን

ከሁሉ ቶሎ የሚደርሰውና ከሁሉ ቶሎ የሚበላሸው ይኸው ነው። 200 ግራም ቅጠል ያዙ፤ ለጋው ስስ ስለሆነ በአንድ ደቂቃ ያራል፣ ያረጀው ደግሞ ይመራል፣ መካከለኛው ይሻላል። በብዙ ውኃ ደጋግማችሁ እጠቡ፣ አፈሩ የቅጠሉ ግንድ ላይ ይደበቃል። የመሐሉን ወፍራም ጅማት አውጡ። ቅጠሉን የእጅ መዳፍ ግማሽ በሚያህል ቅዱት፤ ኦቨን ውስጥ ይሰበሰባል፣ ስለዚህ ትንንሽ አታድርጉት።

ማድረቁ እዚህ ላይ ከሁሉም ይበልጣል። አራግፋችሁ ጨርቅ ላይ ለአንድ ሰዓት ዘርጉት። አንዲት የውኃ ጠብታ ያለችበት ቦታ ላይ ቅጠሉ እንደ ወጥ ጎመን ይበስላል። በ2 የሻይ ማንኪያ ዘይት ለሁለት ደቂቃ እሹት፣ ቅጠሉ መልኩን ጠቆር አድርጎ እስኪለሰልስ። በ140 ዲግሪ ከ10 እስከ 15 ደቂቃ ይበቃዋል። ከ8ኛው ደቂቃ ጀምሮ ከኦቨኑ አትራቁ። አረንጓዴው ወደ ቡናማ ከዞረ ይመራል፣ መመለሻም የለውም። ጨው አንድ ቁንጥር ብቻ፤ ጥሬው ሲታይ ብዙ የሚመስለው ቅጠል ሲደርቅ ሚዛኑ ይወርዳል፣ ጨው ግን እንዳለ ይቀራል።

ጎደሬ

ጎደሬ ሲላጥ እጅ ያሳክካል፤ ካልሲየም ኦክሳሌት የሚባሉ መርፌ መሰል ደቃቅ ቅንጣቶች አሉበት። እጅን ዘይት መቀባት ወይም ጓንት ማድረግ ነው። በ2 ሚሊ ሜትር ተቆርጦ ሦስት ጊዜ ይታጠብ፣ በፈላ ውኃ ከ4 እስከ 5 ደቂቃ ይለፍ። በ170 ዲግሪ ከ20 እስከ 25 ደቂቃ ይጋገራል። ከቀመሳችሁት ጉሮሮ የሚቧጥጥ ከሆነ አልበሰለምና መልሱት። በደንብ የደረሰ የጎደሬ ቺፕስ ከድንቹ ይልቅ ይጠነክራል፣ ለብዙ ቀንም ይቆያል፤ በአካባቢያችን ይህን ያህል እያለ ለምን ችላ እንደተባለ አይገባንም።

ቅመሙ

በርበሬና ሚጥሚጣ ኦቨን ውስጥ አይገቡም፤ ያራሉ፣ ይመራሉ፣ ቤቱንም በሳል ይሞላሉ። ቺፕሱ ከኦቨን እንደወጣ፣ ወዙ ሳይደርቅ ይነስነስ። ለ100 ግራም ቺፕስ ሩብ የሻይ ማንኪያ ጨውና ከዚያ ግማሽ ያህል ሚጥሚጣ በቂ ነው። የሚነሰነሰው ሁሉ እንደ ዱቄት የላመ ይሁን፤ ሻካራ ጨው ቺፕስ ላይ አይያዝም፣ ሳህኑ ግርጌ ይቀራል። ጨውና ሚጥሚጣውን አንድ ላይ ሙቀጫ ውስጥ ማላም ጥሩ ነው። ለስኳር ድንች ኮረሪማ፣ ለካሮት የላመ ጥቁር አዝሙድ፣ ለድንች በእጅ የታሸ ደረቅ ጦስኝ ይስማማል። እርጥብ ነገር፣ አዋዜም ሆነ ዳጣ፣ ላዩ ላይ አይቀባም፤ በጎን ቀርቦ እየተጠቀሰ ይበላ። በጾም ዳጣው ብቻ፣ በፍስክ ደግሞ ዳጣ ከአይብ ጋር ተለውሶ።

መብራት ሲሄድ፣ ኦቨንም ከሌለ

ቺፕሱ ኦቨን ውስጥ እያለ መብራት ከሄደ በሩን ዘግታችሁ አትጠብቁ። የተዘጋ ኦቨን ሲቀዘቅዝ እንፋሎቱ ተመልሶ ቺፕሱ ላይ ያርፋል። በሩን ገርበብ አድርጉ፤ ቀሪው ሙቀት ሌላ ደቂቃዎች ያደርቃል። ከሩብ ሰዓት በላይ ከቆየ ትሪውን አውጥታችሁ ጨርቅ ሳትሸፍኑበት አየር ላይ አስቀምጡት። ሲመለስ ከቀድሞው በ20 ዲግሪ ዝቅ አድርጋችሁ ቀጥሉ፤ ግማሽ የደረቀ ቁራጭ ቶሎ ያራል።

ኦቨን የሌለው ቤት የኤሌክትሪክ ምጣዱን መጠቀም ይችላል፣ ግን በጥንቃቄ። ዘይት የነካው ምጣድ ላይ እንጀራ አያምርም፤ በጎመን ዘር የተሟሸ ምጣድ ከተበላሸ እንደገና ማሟሸት ሊኖርባችሁ ነው። ስለዚህ ዘይት ያልተቀባ ቁራጭ የመጋገሪያ ወረቀት አንጥፋችሁ ብቻ። እንጀራ ተጋግሮ ካለቀና ምጣዱ ከጠፋ በኋላ ባለው ቀሪ ሙቀት፣ አክንባሎውን ሳትከድኑ፣ የተቆረጠ ስኳር ድንች ወይም ካሮት ዘርግታችሁ እየገለበጣችሁ ማድረቅ ይቻላል። ምጣዱ እንደ ኦቨን ከላይ ስለማይሞቅ ቺፕሱ ከቆሎ ይቀርባል፣ ጠንከር ይላል፤ ግን ይቆረጠማል። የድፎ አሠራር፣ እሳት ከላይም ከታችም ተደርጎ ተከድኖ፣ ለቺፕስ አይሆንም። ዳቦን የሚያለሰልሰው የታፈነ እንፋሎት እዚህ ጠላት ነው።

በበጋ፣ በተለይ ታኅሣሥና ጥር ላይ፣ ቁራጮቹን ወደ ኦቨን ከማስገባት በፊት ወንፊት ላይ ዘርግቶ ስስ ነጠላ ጨርቅ ሸፍኖ ለሁለት ሰዓት ፀሐይ ላይ ማቆየት የኦቨኑን ጊዜ በደንብ ያሳጥራል።

ሲበላሽ

ጠርዙ ቡናማ፣ መሐሉ ለስላሳ ከሆነ ወይ ቁርጡ እኩል አይደለም ወይ ሙቀቱ በዝቷል፤ በሚቀጥለው ዙር 15 ዲግሪ ቀንሱ። ሁሉም ለስላሳ ሆኖ ቀለሙም ካልመጣ ትሪው ተጨናንቋል ወይም ቁራጩ ሳይደርቅ ገብቷል። እንደ ቆዳ ከተለጠጠና አልሰበር ካለ ወፍራም ተቆርጧል። ወረቀቱ ላይ ከተጣበቀ ስታርቹ አልታጠበም ወይም ቶሎ ለመገልበጥ ተሞክሯል፤ ሁለት ደቂቃ ታገሱት፣ ሲደርቅ ራሱ ይለቃል። ሲወጣ ተቆርጥሞ ከግማሽ ሰዓት በኋላ ከለሰለሰ መሐሉ ላይ የቀረው ውኃ ወደ ላዩ ወጥቷል፤ በ110 ዲግሪ ከ5 እስከ 8 ደቂቃ መልሱት። ቅባት ቅባት ካለ ዘይቱ በዝቷል፣ ይህ የሚመለስ አይደለም፤ ሳህኑ ላይ ወረቀት አንጥፎ የሚመጠጠውን ያህል ማስመጠጥ ብቻ ነው።

ማስቀመጥ

ሐይቁ አጠገብ ያለ ቤት፣ በተለይ በክረምት፣ ክፍት ሳህን ላይ የተቀመጠ ቺፕስ ከአንድ ሰዓት በላይ አይቆይም፤ ከአየሩ እርጥበት ይጠጣል። ሙሉ በሙሉ እስኪቀዘቅዝ ጠብቁ፣ 20 ደቂቃ ይበቃዋል፤ ትኩሱን መክደን ራሱን በራሱ ማላብ ነው። ከዚያ ክዳኑ ጥብቅ በሆነ ብርጭቆ ዕቃ ወይም ቆርቆሮ ውስጥ አስገቡ። ፌስታል ጥቅም የለውም። ምጣድ ላይ በደረቁ የታመሰ አንድ የሾርባ ማንኪያ ሩዝ ከቀዘቀዘ በኋላ በስስ ጨርቅ ቋጥሮ ዕቃው ግርጌ ማኖር እርጥበቱን በመጠኑ ይቀንሳል። ድንችና ጎደሬ ለአንድ ሳምንት ያህል፣ ስኳር ድንችና ካሮት ለአራት አምስት ቀን ይቆያሉ። ቀይ ሥር ቀድሞ ይለሰልሳል፣ ለብቻው ይቀመጥ፤ ካልሆነ ሌላውንም ያረጥባል። ጎመኑ ግን የዕለቱ ነው፤ እንግዳው በር ላይ ሲደርስ ኦቨን ውስጥ ቢገባ፣ ሁለተኛው ቡና ሳይቀዳ ይደርሳል።